በር የተሸከመችው አህያ

አህያዋ ገባች ወይስ ውጭ ቀረች? እስከ ዛሬ መልስ የለኝም።

ነገሩ የስፔን ካርቱን ነው፤ አጭር፣ ድሮ የተሠራ፣ ንግግር የሌለው። አንዲት አህያ በር ተሸክማ ቤት ትፈልጋለች። አዲስ አበባ፣ ካደግሁ በኋላ ትምህርት በጀመርኩበት ክፍል አሳይተውን ነበር፤ ልክ ልትገባ ስትል መብራት ጠፋ። በቀደም እዚህ ባሕር ማዶ በምኖርበት ከተማ፣ ፓርክዴል በሚባል ሰፈር ባለ ትንሽ አዳራሽ፣ አንድ ጊዜ ብቻ እንደሚታይ አነበብኩ። ቅጂው በማግስቱ ወደ ስፔን ይመለሳል።

ቅዳሜ ንጋት፣ ኢስት ዮርክ

በረዶው አልተጠረገም። ጎረቤቴ እትዬ ዘነበች ቦርሳቸውን ቆሎ ሞልተው ደጅ ቆመዋል።

«በዚህ ብርድ ለአህያ ነው የምታስወጪኝ?»

«መጨረሻዋን ለማየት ነው፣ እትዬ።»

«የአህያ መጨረሻ ምን ይጠፋል? ጅብ ነዋ!»

ረፋድ፣ ሪጀንት ፓርክ

የተሳፈርንበት የከተማ ባቡር፣ ስትሪትካሩ፣ ቆመ፤ ከፊት መስመሩ ተዘግቷል። እትዬ ለሹፌሩ እፍኝ ቆሎ ዘረጉለት። ቆሞ ሳለ እየነዳሁ ነው ብሎ በእጁ አሳያቸው።

«በአፍህ ነው እንዴ የምትነዳው?» አሉት በአማርኛ። ምን እንደገባው እንጃ፣ ተቀብሎ ቃመ።

መንገዱ እስኪከፈት ፓርክዴል የሚኖሩትን ወዳጃቸውን ጋሽ ተሰማን ኮል አደረጉ። «ይምጡ እንጂ፣ ነጻ ነው!»

ፓርክዴል

ወንበሮቹን ከግራም ከቀኝም ቆጥሬ ትክክለኛውን መሐል ያዝኩ። አህያዋ ክፍተት ያለው ግድግዳ ዘንድ ደረሰች። በሯን አውርዳ ገጠመችው። ተከፈተ።

ከኋላችን የአዳራሹ በርም ተከፈተ። ጋሽ ተሰማ፣ ሰማንያን የተሻገሩ ሰው፣ ከዘራቸውን ይዘው ገቡ። ሽማግሌ ሲገባ ተቀምጦ ይታያል? ሁለታችንም ዞረን ብድግ አልን።

«ኖር!»

«በእግዜር! ኧረ ተቀመጡ!»

«እርስዎ ቆመው? አይደረግም!»

«በሞቴ፣ ልጆቼ!»

«ኤክስኪውዝ ሚ!» አለ አንድ ሰው ከኋላ።

ስንግደረደር ጭብጨባ ሰማሁ። ዞር ብል ሸራው ባዶ ነው።

መልስ

«ደስ ይላል፣ አይደል?» አሉኝ እትዬ ስትሪትካር ውስጥ።

«ደስ ይላል» አልኩ። አክብሬ በመነሣቴ ማንን ልወቅስ?

ትናንት፣ ፓርክዴል

ይሉኝታው አንቆኝ ከረመ። ትናንት ጋሽ ተሰማን ልጠይቅ ሄጄ፣ ሻይ ይዘን ተቀምጠን ሳለ አወጣሁት።

«ጋሽዬ፣ እንዳይቀየሙኝ፤ ለእርስዎ ስነሣ መጨረሻው አመለጠኝ።»

«ይህ ነው ያሳሰበሽ? የእኔ ፊት እኮ ወደ ሸራው ነበር!»

ወንበሬን አስጠጋሁ። «ታዲያ ገባች?»

«እግሯን አነሣች» አሉ፤ ሻያቸውን ፉት ብለው። «ያን ጊዜ አንቺ ተነሣሽልኝ። ከዚያ ወዲያ በአህያዋ በር ላይ ያየሁት የአንቺን ራስ ጥላ ነው፤ ከነኮፍያሽ።»