የእትዬ በለጡ የበቆሎ መረቅ

ባለፈው ቅዳሜ ደብረ ብርሃን ቤታችን ውስጥ መስኮቱ ሥር ተቀምጬ ጥጥ ስፈትል፣ ከወጥ ቤት አንድ ሽታ መጣ። የዶሮ መረቅ ብቻ ቢሆን ቀና ብዬም አላይ ነበር። ከሥሩ ግን ሌላ ነገር አለበት፤ ውሃ የነካው አመድ ዓይነት፣ ሞቅ ያለ የበቆሎ ሽታ። እንዝርቴን አስቀምጬ በዱላዬ ተደግፌ ሄድኩ።

ሕሊና ድስቱ ላይ ጎንበስ ብላለች። ሕሊና የሟች እህቴ የልጅ ልጅ ናት። አዲስ አበባ አንድ ሆቴል ወጥ ቤት ትሠራለች፤ ወደኛ ስትመጣ ደግሞ እጇ ዝም ብሎ አይቀመጥም። "የሜክሲኮ አገር ሾርባ ነው" አለችኝ። በቆሎው በኖራ ውሃ ይቀቀላል፣ ገለፈቱ ይላጣል፣ ከዶሮ ጋር እስኪፈነዳ ይበስላል። "እዚህ አገር ማንም አያውቀውም" አለች። እኔ ግን ያንን ሾርባ ከስልሳ ዓመት በፊት መንዝ፣ መሐል ሜዳ ከተማ አውቀዋለሁ። የሠሩት ሴትዮ የዚያን አገር ስም አንድም ቀን ሳይሰሙ ነው የሞቱት።

እትዬ በለጡ ጎረቤታችን ነበሩ። ከመርሐቤቴ ቆላ፣ ከዓለም ከተማ ወዲያ ማዶ፣ በትዳር መንዝ የመጡ ናቸው። ባላቸው ሲሞቱ ልጅም አልነበራቸው፤ እንዲያው ብርዱ ላይ ቀሩ። ቤታቸው እንደኛው የድንጋይ ግድግዳ፣ የጓሳ ሣር ክዳን ነው፤ ውስጡ ግን ሌላ አገር ይሸታል። እኛ በገብስ የምንኖር ሰዎች ነን፤ ቆሎአችንም፣ እንጀራችንም፣ ጠላችንም ገብስ ነው። እሳቸው ቆለኞች በአህያ ጭነው የሚያወጡትን በቆሎ ከገበያ እየሸመቱ ይመጣሉ። ሰፈሩ ከኋላቸው "በቆሎዋ" ይላቸዋል። ሲሰሙ ይስቃሉ እንጂ አይቆጡም። "ገብሱ ጉሮሯችሁን ቧጦት ነው እንዲህ የሚያናግራችሁ" ይላሉ።

በቆሎውን ሲሠሩ ማየት እወድ ነበር። የኩበት አመድ አይሆንም፤ የወይራ አመድ ነው የሚፈልጉት። በዚያ እንጨት በሌለበት አገር የወይራ አመድ እንደ ቅመም በቅል ተቋጥሮ ይቀመጣል። አመዱን በውሃ በጥብጠው ያጠሉታል፣ በጠለለው ውሃ በቆሎውን ይቀቅሉታል፣ ከዚያ ገንዳ ላይ ገልብጠው በመዳፋቸው ያሹታል። ገለፈቱ እንደ ጥፍር እየተላቀቀ ይንሳፈፋል። ውሃ መቅዳትና ማፍሰስ የኔ ሥራ ነበር። ሰባት ጊዜ ካልታጠበ አይለቁኝም፤ ስድስተኛው ላይ ሳጭበረብር በጣታቸው ይቀምሱና "አንቺ ሌባ፣ አመዱ ገና ምላሴ ላይ ነው" ይሉኛል። ከዚያ የዶሮው መረቅ፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ኮረሪማ፣ ከሜዳው የቀጠፍኩት ጦስኝ። ፍሬው ሲፈነዳ ነጭ ይሆናል፤ ለስላሳ ነው፣ ጥርስ ለሌለውም ይበላል። ለታመመ ሰውና ለአራስ ነበር የሚሠሩት። ጣሊያን ጥሎት በሄደ ሰማያዊ የብረት ሣህን ይዘው ሲመጡ፣ በሽተኛው ገና ሳይቀምስ ደህና ይመስለኝ ነበር።

ስምንት ዓመቴ ላይ ታላቅ እህቴ ሙሉ ለመጀመሪያ ልጇ እንደ ደንቡ እናቷ ቤት ልትወልድ መጣች። ባሏ ወታደር ነው፣ ሐረር ነበር። አባታችን በግ ነድቶ ደብረ ብርሃን ወርዶ ገና አልተመለሰም። ፋሲካ ካለፈ ብዙ አልቆየም። ልጅቱ በሰላም ተወለደች፤ የሙሉ ደም ግን አልቆም አለ። በበግ ጸጉር ባና ላይ ሌላ ባና ደርበንላት ትንቀጠቀጣለች። ገንፎው አልወርድ አላት። ከንፈሯ ነጭ ሆነ። እናቴ ምሰሶውን ይዛ ቆማ "ማርያም፣ ማርያም" ትላለች፤ ሌላ የምትለው አልነበራትም።

እትዬ በለጡ ያለ የሌለ አንድ አውራ ዶሯቸውን ያዙ። ቀዩ ገበሬ እያሉ የሚጠሩት ነው፤ ሰፈሩን በሙሉ የሚቀሰቅስ። በቆሎው ታጥቦ ደርሷል። የቀረው መባረኩ ነበር።

በእኛ አገር ሴት ቢላ አታነሳም። ዶሮ የሚባርክ ወንድ ነው። በቤት ወንድ የሌላት ሴት ዶሮዋንና ቢላዋን ይዛ ደጃፏ ላይ ትቆማለች፤ የሚያልፍ ወንድ ሁሉ፣ የማያውቃትም ቢሆን፣ አማትቦ ይባርክላታል። ሴት ያረደችው በክት ነው። ክርስቲያን አፉ አያስገባውም።

እኔና እትዬ በለጡ ደጃፋችን ላይ ቆምን። የዚያን ቀን ወንዶቹ በሙሉ ለአንድ ትልቅ ሰው ቀብር ሩቅ ደብር ወርደዋል። ልጆቹም ከበጎቹ ጋር ጓሳ ግጦሽ ወጥተዋል። ጉሙ አጥሩን ሳይቀር ውጦታል። ጆሯችንን አቁመን የእግር ኮቴ እንጠብቃለን። ብዙ ቆይተን አንድ እስላም ነጋዴ አህያቸውን እየነዱ ከጉሙ ወጡ። ዶሮውን አዩ፣ ቢላውን አዩ፣ ነገሩ ገባቸው። "እኔ ባርድላችሁም አትበሉልኝ፣ እህቴ" አሉ አዝነው። አራስ መታመሟን ስንነግራቸው "አላህ ይማርላችሁ" ብለው አለፉ። ከዚያ በኋላ ማንም አልመጣም። አውራ ዶሮው እትዬ በለጡ ብብት ሥር ሞቆት ዓይኑን ይከድናል። ያኔ እናቴ ከውስጥ ጮኸች፤ ሙሉ ራሷን ስታለች።

እትዬ በለጡ አንዴ ወደ መንገዱ፣ አንዴ ወደ ቤታችን አዩ። ከዚያ ወደ ጓሯቸው ዞሩ። ተከተልኳቸው። ነጠላቸውን አደግድገው ሦስት ጊዜ አማተቡ። "በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ፣ አሐዱ አምላክ" አሉ። እጃቸው ጸንቶ ነበር። ሲጨርሱ ቀና ብለው አዩኝ።

"አየሽ?"

"አየሁ።"

"ማን ባረከው ቢሉሽ፣ አላየሁም በይ። ውሸት ነው። ኃጢአቱ የኔ ይሁን።"

ሙሉ በመጀመሪያው ቀን ሦስት ማንኪያ ዋጠች። በማግስቱ ግማሽ ሣህን። በሦስተኛው ቀን ትራስ ተደግፋ ተቀመጠች፣ ልጇን አጠባች፣ ከበቆሎው አንድ አንድ ፍሬ እየለቀመች በላች፣ "ጸጉሬን ሥሪልኝ" አለችኝ። ጉንጯ ላይ ትንሽ ቀለም መጥቶ ነበር። ያንን ቀለም እስከ ዛሬ አያለሁ።

እናቴ ደስታው ናላዋን አዙሮት ነበር። "ዶሮውን የባረከው ሰው ማን ነው? እጁ ይባረክ፣ ጠላ ሲደርስ ጠርቼ ላመስግነው" አለች። እኔ ወሬ የማይቋጠርልኝ ልጅ ነበርኩ። ግን ወሬ ለማቀበል አልነበረም፤ እሱን አምላክ ያውቃል። እናቴ ስታመሰግን ሰማሁ፣ ምስጋናው ለማይገባው ሰው እንዳይሄድ ፈለግሁ። ደረቴን ነፍቼ ተናገርኩ። "ወንድ አይደለም። እትዬ በለጡ ራሳቸው ናቸው!"

እናቴ ድስቱን አንስታ ወጣች። ውሾቹ ሲሻሙ ከውስጥ ይሰማል። ሙሉ ደግሞ ጣቷን ጉሮሮዋ ውስጥ ከታ የበላችውን ሁሉ አስወጣች። "ያልተጠመቀች ልጅ አቅፌ በክት በላሁ" እያለች ታለቅሳለች። እትዬ በለጡ በዚያው ሰዓት የማታውን መረቅ በሰማያዊው ሣህን ይዘው ደጃፉ ላይ ደረሱ። እስከዚያ ቀን እርስዎ ትላቸው የነበረችው እናቴ "አንቺ" አለቻቸው። "አንቺ ከሃዲ! ከደጄ ሂጂ!"

"እኔን እንደፈለግሽ ስደቢኝ" አሉ። "እሷ ብቻ ትብላ፣ አፈር ስሆን።"

በሩ ተዘጋ። ከመዘጋቱ በፊት እትዬ በለጡ አንድ ጊዜ አዩኝ። ቁጣ አልነበረበትም። ቢኖርበት ይሻለኝ ነበር።

ሙሉ ከዚያ በኋላ ከጠበል በቀር ምንም ወደ አፏ አላስገባችም። የእኛን ቤት ድስት ሁሉ ተጠየፈች። ትኩሳት ተነሳባት። በዘጠነኛው ቀን ሞተች። ጸጉሯን ግማሹን ሠርቼላት፣ ግማሹ እንደተፈታ ተቀበረች። ካደግሁ በኋላ አንድ ሐኪም ጠይቄ ነበር። "ደሟ ነው ያለቀው፤ መረቅ ብቻውን አያድናትም ነበር" አለኝ። ሰው ሊያጽናና ሲል ድምፁ እንዴት እንደሚሆን አውቃለሁ።

በለቅሶው ላይ ሴቶቹ "በክቱ ነው የገደላት" ተባባሉ። እትዬ በለጡ ከድንኳኑ ውጭ፣ ድንጋይ ላይ፣ ብቻቸውን አለቀሱ። ከዚያ ወዲያ ከቤታቸው እሳት የሚጭር ሰው ጠፋ።

ሕፃኗን ማስረሻ አልናት። የላም ወተቱ አልስማማት ብሎ በየቀኑ ትከሳለች። አንድ ጠዋት የድንጋይ ካባችን ላይ ትንሽ ገንቦ ተቀምጣ ተገኘች፤ ውስጧ ዶሮ የሌለበት፣ እንደ ወተት የነጣ፣ የተጠለለ የበቆሎ ውሃ። እናቴ አነሳቻት። ልትሰብራት ነው ብዬ ዓይኔን ጨፈንኩ። አሸተተችው፣ ቀመሰችው። ከዚያ ገብታ ጥጥ እየነከረች ልጅቱን አጠባቻት። በማግስቱ ገንቦዋን አጥባ ካቡ ላይ መለሰቻት። ልጅቱ ቂጣ እስክትነክስ ድረስ ገንቦዋ ስትመላለስ ቆየች። ሁለቱ ሴቶች ግን አንድም ቃል አልተነጋገሩም።

ማስረሻ ዳዴ ስትል እትዬ በለጡ ወደ መርሐቤቴ፣ ወደ ዘመዶቻቸው ሊወርዱ ጓዛቸውን ጠቀለሉ። ገበያው መውጫ ድረስ ሮጬ ደረስኩባቸው።

"እትዬ፣ እኔ ነኝ የተናገርኩት" አልኳቸው።

"አውቃለሁ፣ ልጄ።" ፊቴን በነጠላቸው ጫፍ ጠረጉ። "አንቺ ምን አደረግሽ? የማትችዪውን ያሸከምኩሽ እኔ ነኝ።"

ከዚያ በኋላ አላየኋቸውም። ሞታቸውን ከቆላ በመጡ ነጋዴዎች ሰማን። መቃብራቸውን አላውቀውም። ገንቦዋን ለመጨረሻ ጊዜ ካቡ ላይ ትተዋት ነበር፤ እናቴ እስክትሞት ድረስ ውሃ እንኳ ሳትቀዳባት ከራስጌዋ አኖረቻት።

ቅዳሜ ዕለት ሕሊና ሾርባውን አቀረበች። እናቷ ማስረሻ ከቤተ ክርስቲያን መጥታ ነጠላዋን ሳታወልቅ ተቀመጠች። ስልሳ ዓመት አልፏታል፤ ጾምና ደንብ ላይ ቀልድ አታውቅም። ማንኪያውን አንስታ መልሳ አስቀመጠችው።

"እትዬ፣ ዶሮውን ማን ባረከው?" አለችኝ።

ሕሊና ጭልፋውን እንደያዘች ቆመች፤ ፊቷ ቀላ። ጠዋት፣ ግቢው ባዶ ሲሆንባት፣ ዶሮውንና ቢላውን ይዛ ከውሃ ታንከሩ ጀርባ ዞር ስትል መስኮቱ ሥር ነበርኩ። ነጠላ አልነበራትም፤ ግን አማትባ ነበር።

"አላየሁም" አልኩ። "ብዪ፣ ሳይቀዘቅዝ።"

ማስረሻ አማተበችና በላች።