አምስተኛው ማንዳካሩ

በድሪያ ከወረባቦ ጅዳ ስትገባ የምታውቀው ቁልቋል አንድ ብቻ ነበር፤ ሲቆርጡት ወተቱ የሚፈሰው፣ የአባቷን ግቢ ያጠረው። በኒ ማሊክ ሰፈር፣ ባባ አብዱልመጂድ ቤት ሥራ የጀመረች ዕለት ሰጥሑ ላይ ወጣች። ከሕንጻው አናት ላይ ሃያ አራት ረጃጅም ካክተሶች በየሸክላቸው ተገትረው ስታይ ሳቋ አመለጣት። «ኧረ ጉድ! ቁልቋልም በሸክላ ይተከላል እንዴ?»

ባባ አብዱልመጂድ ጡረታ የወጡ የሳይንስ መምህር ናቸው። «ወጋ አድርጊው፤ ወተት የለውም» አሏት። ወጋችው። እውነትም ውሃ ብቻ!

ከዚያ ወዲያ መምህሩ ተማሪ አገኙ። ዓይናቸው እየደከመ ስለነበር በጣታቸው እየዳበሱ ያስረዷታል። አሥራ ዘጠኙ ከሱቅ የተገዙ የኡራጓይ ዘሮች ናቸው። አምስቱ ግን የብራዚል ማንዳካሩ ናቸው፤ ሟች ሚስታቸው መካ ሳሉ አንዲት ብራዚላዊት ሐጃጅ በመሐረብ ቋጥራ ከሰጠቻቸው ዘር በገዛ እጃቸው ያበቀሏቸው። «የአንድ አያት ልጆች ስለሆኑ ሰው ይሳሳትባቸዋል፤ አንቺ ስማቸውን አንብቢ» ይሏታል። ስማቸው አፈሩ ላይ በተሰካ የፕላስቲክ ስንጥር ተጽፏል፤ በድሪያ ደግሞ ቁርኣን የቀራች ስለሆነች የዐረብኛ ፊደል አያቅታትም።

ታዲያ ባለፈው ዓመት ያ ቀይ አቧራ ከተማውን ሲያለብሰው በድሪያ ምን አደረገች መሰላችሁ? ሸክላውን አጠበች፣ ወለሉን አጠበች፣ ስንጥሮቹንም አንድ በአንድ ነቅላ በረኪና ውስጥ ዘፈዘፈቻቸው! ሲወጡ ወተት መስለዋል። ስም የሚባል ነገር የለም። ክው አለች። ባዶዎቹን መልሳ ሰካቻቸው፤ ባባ ዓይናቸው ጭራሽ ፈዞ ስለነበር አላዩም። ነገ እነግራቸዋለሁ፣ ነገ እነግራቸዋለሁ ስትል አራት ወር አለፈ።

እንግዲህ አንድ ቀን ከዐስር ሶላት በኋላ የባባ ልጅ ሱአድ ከመካ መጣች። አባቷን እሷ ዘንድ ልትወስድ ነው፤ በድሪያም አብራ ትሄዳለች። የሱአድ በረንዳ ግን ከአምስት ሸክላ በላይ አይችልም። የቀረው ቆሻሻ መጣያ ይወርዳል። ባባ ክርክር አላበዙም። «የባለቤቴን አምስቱን ብቻ አምጪልኝ» አሉ።

በድሪያ እየሮጠች ሰጥሑ ላይ ወጣች፤ ፒክአፑን ይዞ የመጣው ኢድሪስ፣ የአገሯ ልጅ፣ ከኋላዋ ተከተላት።

«በድሪዬ፣ ወላሂ ሁሉም አንድ ናቸው» አላት። «ባባ አያዩም። አምስት እናንሳና ያላ!»

«አንተና የአጎትህ ልጅ አንድ ናችሁ? ዞር በል ከፊቴ!»

አቧራ የምታራግፍበትን የቀለም ብሩሽ መዘዘች። እጇ የሚያውቀው ነገር ነበር፤ እስከዛሬ ግን ልብ ብላው አታውቅም። አንዳንዱ ካክተስ ሸንተረሩ ስስ፣ ስርጉዱ ጥልቅ ነው፤ ብሩሹን እስከ እጀታው ይውጠዋል። የሌላው ሸንተረር ወፍራም ስለሆነ ብሩሹ ገብቶ ወዲያው ይቆማል። ደግሞ ማንዳካሩ እያረጀ ሲሄድ ከታች እሾህ ይጨምራል፤ ኡራጓዩ መላጣ ይሆናል። አዎ! ስስ ሸንተረሩም እሾሁም የማንዳካሩ ነው፤ ባባ ነግረዋት ነበር!

ብሩሹን ከተተችው። ዋጠው! እሾሁም አለ። «አንድ!» ብላ ጮኸች። ሁለተኛውን ውሃ ጋኑ ስር አገኘችው። ሦስት! አራት! ኢድሪስም ሞቅ አለው፤ እጅጌውን ሰብስቦ ሸክላ እየጎተተ ያቀርብላታል። አሥራ ዘጠኙን ሁሉ አዳረሰች። አምስተኛው የለም።

«በድሪያ! ኸላስ፣ በቃ፣ ይመሻል!» ሱአድ ከደረጃው ስር ትጣራለች።

የቀረው የልብስ ማስጫ ገመዱ ስር የቆመው ብቻ ነው። ብሩሹን ከተተች፤ ዋጠው። ግን እሾህ የለውም፤ መላጣ! ያ ረቢ፣ ይሄ ደግሞ የማን ወገን ነው? ወይስ በጥድፊያ ካለፈቻቸው አንዱ ነበር አምስተኛው? ቀና ስትል ገመዱን አየች፣ አንሶላዎቹ ትዝ አሏት፣ አፏን በእጇ ያዘች። እሾሁ የታጠበ አንሶላ እየቀደደ ቢያስቸግራት በጥፍር መቁረጫ የከረከመችው እሷው ራሷ ናት! በጣቷ ዳበሰችው፤ ጉቶ፣ ጉቶ፣ ጉቶ። «እልልል!» አለች፤ ኢድሪስን በደስታ ገፍታው ሊወድቅ ነበር።

እጇ ግን ወደ ታች ወረደና ቆመ። ጉልበቷ ትይዩም የተቆረጠ እሾህ አለ፤ ግራጫ፣ የቆየ። እሷ ከጭኗ በታች አንድም አልነካችም። ገና ሱቅ ሳለ የተከረከመ ኡራጓይ ቢሆንስ? ደስታዋ ቀዘቀዘ።

ይሄኔ ባባ አብዱልመጂድ የሱአድን ክንድ ይዘው ደረጃውን ጨርሰው ወጡ። በድሪያ መደበቁ መረራት። በረኪናውንም፣ ባዶ ስንጥሮቹንም፣ አራቱን ወርም ዘረገፈችው። «አራቱን አውቄያለሁ ባባ። ይሄኛውን ግን ልዋሽዎት አልችልም።»

ሱአድ ሰዓቷን አይታ ተነፈሰች። ባባ እጃቸውን ዘረጉ፤ በድሪያ ወስዳ ካክተሱ ላይ አሳረፈችላቸው። ከላይ ዳበሱ።

«ይሄን የቆረጠው ማነው?»

«እኔ ነኝ፤ አንሶላ እየቀደደ...»

ጣታቸው ወርዶ ወርዶ ከግራጫው ጉቶ ላይ ሲደርስ ቆመ። «ይሄንንስ?»

«አላውቅም። ወላሂ እኔ አይደለሁም።»

ሽማግሌው ቀስ ብለው በጉልበታቸው ተንበረከኩ። «ያኔ ቁመቱ እዚህ ድረስ ነበር» አሉ። «የተሰጣውን ጀለቢያዬን ከጫፉ እየያዘ ባለቤቴን አስቸገራት። በጥፍር መቁረጫ ከረከመችው። ዕፅዋት አታውቂም ብዬ ቀኑን ሙሉ ተቆጣኋት።» ሳቁ፤ ዓይናቸው ግን እንባ ሞልቶ ነበር። «እሷ ናት፣ በድሪያ። አምስተኛው ይሄ ነው።»

ኢድሪስ ያላ ማለቱን ተወ። ከመጣች ጀምሮ ስትቸኩል የነበረችው ሱአድ ዐባያዋን ሰብስባ ከአባቷ ጎን ቁጢጥ አለች።

«የት ጋ ነው?» አለች።

ባባ ጣቷን ይዘው እናቷ የቆረጠችው ላይ አሳረፉላት።