ማኅተሙ እኛ ቤት በነበረ ጊዜ

ባለፈው ማክሰኞ መታወቂያዬን ላሳድስ አምቦ ቀበሌ ሄጄ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ጀምሮ አግዳሚ ላይ ተቀመጥኩ። ፎርሙ ተሞልቷል፣ ፎቶው ተለጥፏል፣ የቀረው ማኅተም ብቻ ነው። ጸሐፊዋን ስጠይቃት ከስልኳ ቀና ሳትል «ማኅተሙ መሳቢያ ውስጥ ነው፤ ቁልፉ ስብሰባ ሄዷል» አለችኝ። ቁልፍ ስብሰባ እንደሚሄድ የሰማሁት ያን ቀን ነው። እኔ ቁጭ ብሎ መጠበቅ አልችልበትም፤ ተነስቼ ጠረጴዛዋን ስጠጋ ክዳኑ የተከፈተ የማኅተም ቀለም አየሁና ያ የስፖንጅና የመድኃኒት ዓይነት ሽታው አፍንጫዬን መታኝ፤ ከዚያ በኋላ ሰልፉንም ጸሐፊዋንም ረሳኋቸው።

ይሄ የቤታችን ሽታ ነው። ደንዲ ወረዳ ውስጥ፣ ከጊንጪ በእግር ሁለት ሰዓት በሚያስኬደው ቀበሌያችን አባቴ ኦቦ ቶላ ሊቀመንበር ነበር፤ የመረጡት ጽሑፉ ስለሚያምርና ቸርች ውስጥ ብዙ ዘመን ጸሐፊ ሆኖ አንድም ወረቀት ጠፍቶበት ስለማያውቅ ነው። የቀበሌው ጽሕፈት ቤት በሩ የማይዘጋ፣ ዝናብ ሲመጣ ፍየሎች የሚጠለሉበት የጭቃ ቤት ስለነበር ማኅተሙ እኛ ቤት አልጋ ሥር በቆርቆሮ ሣጥን ያድራል፣ ቁልፉ እናቴ አንገት ላይ ይንጠለጠላል። መንግሥት ማለት ለእኔ ያ ሣጥን ነበር። ጉዳይ ያለው ሰው ይመጣና አባቴን ከእርሻ ያስጠራዋል፤ እሱም በሬዎቹን አቁሞ ይመጣል፣ እጁን ታጥቦ በርጩማ ላይ ይቀመጣል፣ ማኅተሙን በትንፋሹ እህ ብሎ ያሞቅና ይመታል፤ ባለጉዳዩም እናቴ የሰጠችውን እርጎ ጠጥቶ ይሄዳል።

ማኅተሙ ክብ ነው፣ እጀታውም ክብ እንጨት ነው፤ ላይና ታቹ አይለይም። አባቴ አንድ ጊዜ ገልብጦ መትቶ ስላፈረ እጀታው ላይ በቢላ ትንሽ ጭረት አበጀለት፤ ጭረቱ አውራ ጣት ሥር ሲውል ጽሑፉ ቀጥ ይላል። ይህን ለማንም አልተናገረም። እኔ ግን አንድ ቅዳሜ እናቴ ፀጉሯን ስትታጠብ ቁልፉን ካወለቀችበት አንስቼ የሒሳብ ደብተሬን የመጨረሻ ገጽ ዐሥራ አንድ ጊዜ መታሁት፣ ምሥጢሩንም ያኔ ደረስኩበት። ገጹን ቀድጄ ጣሪያው ሥር ካለው ስንጥቅ ወተፍኩት። አባቴ «ይህን የነካ ልጅ እጁን እቆርጠዋለሁ» ይል ነበር። ዶሮ እንኳ ማረድ የሚከብደው ሰው ነው፤ እኔ ግን የዘጠኝ ዓመት ልጅ ነበርኩና አምኜው ነበር።

የዚያን ዓመት የመሬት መዝጋቢዎች ጊንጪ መጡ። ጎረቤታችን አዴ ወርቄ ባሏ ሞቶባት የሟቹ ወንድም መሬቱ የእኔ ነው ብሎ ተነስቶባታል፤ መሬቱን እሷ እንደምታርሰው ቀበሌው ካልጻፈላት ባዶ እጇን መቅረቷ ነው። አባቴ እሁድ ዕለት ደብዳቤውን ጽፎ ፈረመበት፤ የማኅተሙ ቀለም ደርቆ ስለነበር «ቀለም ሲመጣ እመታልሻለሁ» አላት። በነጋታው ሳይታሰብ ለሦስት ቀን ስብሰባ አምቦ ተጠራ። ማክሰኞ ቀለሙ ደረሰ፣ አዴ ወርቄም እያለከለከች እናቴ ዘንድ ደረሰች።

«ጫልቱ፣ ዛሬ ይዘጋሉ አሉ። ካልደረስኩ በሱ ስም ሊጽፉት ነው።»

እናቴ ወረቀቱን አገላብጣ አየችው፤ ማንበብ አትችልም፣ የባሏን ፊርማ ግን ታውቃለች። «ፈርሞበታል አይደል? የቀረው መምታት ነው። ዕድሜዬን በርበሬ ስወቅጥ ኖሬ አንድ መምታት ያቅተኛል?» አለችና ሣጥኑን ከፈተች። ማኅተሙን ይዛ ወዲህ ወዲያ አዞረችውና ወደ እኔ ዞረች።

«አንቺ ተማሪዋ፣ የትኛው ነው ላዩ?»

ጭረቱ ከጣቷ አጠገብ ነበር፤ አየሁት።

«አላውቅም» አልኩ።

ተገልብጦ ተመታ።

አዴ ወርቄ ሳይዘጉ ጊንጪ ደረሰች፤ የአባቴን ጽሑፍ ሁሉም ስለሚያውቀው መሬቱ በስሟ ተመዘገበ። መዝጋቢው ግን ሳቀና ማን እንደመታው ጠየቃት። «ኦቦ ቶላ አምቦ ነው፣ ሚስቱ ናት የመታችልኝ፤ ምን ችግር አለው?» አለችው፤ እሷ መዋሸት መች ታውቃለች።

ከሁለት ሳምንት በኋላ ትምህርት ቤታችን ውስጥ ግምገማ ተጠራ፤ እኛ ልጆች በመስኮት እናያለን። ከወረዳ የመጣው ሰውዬ ደብዳቤውን፣ ማኅተሙ ቀና እንዲል፣ ዘቅዝቆ አነሳውና «ሊቀመንበሩ አንተ ነህ ሚስትህ?» ሲል ቤቱ በሳቅ ሞላ። አባቴ አጠገብ የተቀመጡ ሽማግሌ «ሳላውቅ አደረገችው በል፣ ያልፍልሃል» እያሉ ክንዱን ይጎትቱታል። አባቴ ተነስቶ «ቁልፉን የሰጠኋት እኔ ነኝ። እኔም ብኖር የምመታው ያንኑ ወረቀት ነበር» አለና ተቀመጠ። አወረዱት።

ቤት ሲገባ እናቴ «እኔ ነኝ ያስወረድኩህ» ብላ ራቷን ሳትበላ ቀረች፤ ከዚያ በኋላም ለዓመታት እንዲሁ ስትል ኖረች። እኔ ደግሞ ዝም ስል ኖርኩ። አዲሱ ሊቀመንበር ማኅተሙን ኪሱ ውስጥ ይዞ የሚውለው ጊንጪ ነው፤ አንዲት ወረቀት የፈለገ ሁሉ ሁለት ሰዓት ሄዶ፣ ሰውዬውን ካጣው ያንኑ ሁለት ሰዓት መመለስ ሆነ። ደጃችንም ሰው አጣ፣ በርጩማዋ የዶሮ ማደሪያ ሆነች።

የአምቦው ቁልፍ ከስብሰባው የተመለሰው ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ነው። ቁልፉን የያዘው ሰውዬ ፊቴንም ወረቀቱንም ሳያይ መታልኝ፣ እኔም «አመሰግናለሁ» ብዬ ወጣሁ፤ እርጎም የለ፣ ኦቦ ማለትም የለ።

አባቴ ከሞተ ሁለት ዓመቱ ነው። ከለቅሶው በኋላ ያን የቆርቆሮ ሣጥን እኔና እናቴ ከፈትነው። የግብር ደረሰኞች፣ የቸርች ደብተር፣ ከሥር ደግሞ በአራት የታጠፈ የሒሳብ ደብተር ገጽ። አባቴ ጣሪያውን ሲያድስ አግኝቶት ነው፤ ያደሰው ከመውረዱ በፊት ይሁን በኋላ ግን እናቴም አታስታውስም። እሷ ማንበብ ስለማትችል ምን እንደሆነ ጠየቀችኝ። ዘርግቼ አየሁት፤ ዐሥራ አንድ ማኅተም ነው። የመጀመሪያው ብቻ ተገልብጧል፣ ዐሥሩ ቀጥ ብለው ተመትተዋል።