የሙሽሮቹ አማና

ከሚሴ ውስጥ የሰርግ ቪዲዮ ኤዲተር የሆንኩት ችሎታዬ ታይቶ አይደለም፤ ሴት በመሆኔ ነው። በሴቶቹ ዳስ ሙሽራዋም ጓደኞቿም ሻሻቸውን ጥለው ይጨፍራሉ። ይህንን የምትቀርጸውም፣ ቆርጣ የምትቀጥለውም ሴት መሆን አለባት። ስቱዲዮው የወንድሜ ነው፤ እሱ ራሱ ግን እኔ ከምሠራበት ክፍል መጋረጃ አልፎ አያውቅም።

ሥራው ሲያልቅ የሙሽራዋ እናት መጥታ አጠገቤ ትቀመጣለች። ሲዲዋን ትረከባለች፤ ኮምፒውተሩ ላይ የቀረውን ዓይኗ እያየ አጠፋዋለሁ። «አማና ነው ልጄ» ትለኛለች። እኔም ወላሂ ብዬ እምላለሁ። እናቶች ልጆቻቸውን በአደራ የሰጡኝ በዚህ ነው፤ እንጀራዬም ይኸው ነበር።

አንድ ጠዋት ኮምፒውተሩ አልነሳም አለ። ገና ያላለቀ ሰርግ ውስጡ ቀርቷል። ሙሽራዋ ባሏን ተከትላ ጅዳ ገብታለች፤ እናቷ ደግሞ የልጄን ፊት አሳዪኝ እያለች ትመላለሳለች። ከሚሴ ውስጥ የሚሞክረው ጠፋ። ኮምቦልቻ አንድ ባለሙያ አለ ተባለ፤ ወንድ ነው።

የኮምፒውተሩን ሃርድ ዲስክ አውጥቼ በሻርፕ ጠቅልዬ ሚኒባስ ውስጥ ጭኔ ላይ ያዝኩት። ሐርቡ ስንደርስ ፈታሾች ሲያስቆሙን ሻርፑን ጠበቅ አድርጌ ያዝኩት። ምንድን ነው ቢሉኝ ምን ልል ነው? በዚያ ሰርግ የጨፈረች ሴት ሁሉ ፀጉሯን ፈታ እዚያች ቆርቆሮ ውስጥ ተቀምጣለች። አንዱ እጅ ገብቶ በየሞባይሉ ቢዞር የስንቷ ትዳር ይፈርሳል? ደግነቱ የእኔን እቃ ያየው የለም።

ባለሙያው ጨዋ ሰው ሆኖ አገኘሁት። ነገሩን ስነግረው አንገቱን ደፋ። «እኔ ፋይሉ መውጣቱን እንጂ ውስጡን አላይም። ስትከፍቺው ፊቴን አዞራለሁ፣ እህቴ» አለኝ። ያኔ ልቤ መለስ አለ፤ ወጥቼ ምሳ ሁሉ በላሁ።

ፀሐይ ስታዘቀዝቅ፣ ከዐስር ሶላት በኋላ ጠራኝና ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። ከፈትኩት። የጅዳዋ ሙሽራ አለች። አልሐምዱሊላህ አልኩ። ከእሷ ሥር ሌላ ሙሽራ አለች፤ ከዚያ የባቲዋ ሙሽራ፤ ከዚያ በወሊድ የሞተችው፣ እናቷ ቁርኣን አስይዛ ያስጠፋችኝ። ሁሉም ሻሻቸውን ጥለው ይስቃሉ። የፈሩት ይደርሳል የሚሉት እውነት ነው።

«እነዚህን እኮ አጥፍቻቸው ነበር» አልኩት።

«ዲሌት ያደረግሽው የት ይሄዳል? ያው እዚያው ነው። ሁሉንም አወጣሁልሽ» አለኝ። ደስ እንዲለኝ ብሎ ነው።

«አንተ ጋ የቀረ አለ?»

«ለማውጣት መጀመሪያ ወደ እኔ ኮምፒውተር መገልበጥ ነበረብኝ። አይዞሽ፣ አሁን ዓይንሽ እያየ አጠፋዋለሁ።»

አጠፋው። አመስግኜ መነሳት ነበረብኝ፤ ግን አልተነሳሁም፤ እኔም ለእናቶቹ ያጠፋሁት ዓይናቸው እያየ ነበር።