በእማሆይ አንገት ያሰርሁት የፈርዖን አፈር

ይህን ለነፍስ አባቴ እንኳ አልተናገርሁም። አንድ ጊዜ ልነግራቸው ጀምሬ፣ ስለ ዐይኔ ሕመም አውርቼ ተመለስሁ። እናንተ ግን አታውቁኝምና ስሙኝ።

እኔ ቁም ጸሐፊ ነበርሁ፤ በዘመሮ ዙሪያ ባሉ አድባራት ብዙ የብራና መጻሕፍት የተጻፉት በእጄ ነው። በጃንሆይ ዘመን ኢየሩሳሌምን ለመሳለም ስነሣ ጎረቤቴ እማሆይ ወለተ ሐና፣ ጉልበታቸው እምቢ ቢላቸው፣ በሶ ሰንቀው ሸኙኝ። ከነጠላቸው ጫፍ ቀደው የሰፏትን ትንሽ ከረጢትም ሰጡኝና "ልጄ፣ እኔስ አልደረስሁም። ከጎልጎታ አፈር ዝገንልኝ፤ እሱን ይዤ ልቀበር" አሉኝ። ዘገንሁ። እውነቴን ነው፣ ከጎልጎታ ዘግኜ ነበር።

ከሌሎቹ ተሳላሚዎች ጋር ስንመለስ መርከብ እስኪመጣ ግብፅ ላይ ጥቂት ቀን ተረፈን። አንድ አስጎብኚ ፒራሚድ ላሳያችሁ ብሎ ወሰደን። ከውጭ ሲያዩት የፈረሰ የድንጋይ ክምር ነው፤ ዙሪያውን የንግሥታትና የመሳፍንት መቃብር ተበታትኗል። ጎንበስ ብለን ገባን። ፋኖሱ ከፍ ሲል፣ ጌታ ሆይ፣ ግድግዳው ከላይ እስከ ታች ጽሕፈት ነው! ወፉ፣ እባቡ፣ ዐይኑ፣ እጁ፣ እንደ ብራና በተሰመረ መስመር ላይ ሳይዛነፍ ቆሞ፣ ሁሉም በሰማያዊ ቀለም ተሞልቷል። ጣሪያው በሙሉ ኮከብ ነው። ዕድሜዬን ከጥቁርና ከቀይ ቀለም ጋር የጨረስሁ ሰው ያን ሰማያዊ ሳይ አለቀስሁ። ጎልጎታ ላይ አላለቀስሁም፤ እዚያ ግን አለቀስሁ።

ከግድግዳው የረገፈ ቀለም ወለሉ ላይ ነበር። መያዣ አጣሁ? አላጣሁም፤ ነጠላም ኪስም ነበረኝ። ግን እጄ መጀመሪያ የነካው የእማሆይን ከረጢት ነበር። እኔ ፈታሁት። እኔ የጎልጎታን አፈር በፈርዖን መቃብር ውስጥ ደፋሁት። ሰማያዊውን ከነአቧራው አፈስሁ። ማን አስገደደኝ?

አገሬ ስገባ ቀለሙን ለቅሜ አወጣሁና የቀረውን አቧራ መልሼ ቋጠርሁት። እማሆይ በሁለት እጃቸው ተቀበሉኝ። "ጌታዬ የተሰቀለበት ነው?" አሉኝ።

"አዎን፣ እማሆይ" አልሁ፤ አንገታቸው ላይም አሰርሁላቸው።

ከዚያ ወዲያ የታመመ ሁሉ እየመጣ ከረጢቱን ይሳለም ጀመር። እማሆይ ሲያርፉ ከረጢቱን ፈትቼ አቧራውን ደረታቸው ላይ የበተንሁት እኔ ነኝ። ልጃቸው ጉልበቴን ስማ አመሰገነችኝ። እኔም ተሳምሁ።

ሰማያዊውን በሙጫ በጥብጬ በደብራችን ዳዊት መግቢያ ገጽ ላይ የሐረግ ጌጥ ሣልሁበት። ያየው ሁሉ ከየት አመጣኸው እያለ ያደንቃል።

ይቅር በሉኝ ልል እነሣና አፌ ይያዛል። ዳዊቱ በተገለጠ ቁጥር ዛሬም ልቤ ይዘላላ! በደሌን ጠልቼዋለሁ፤ ያን ደስታ ግን ልጠላው አልቻልሁም። ደስታውን ያልጠላ ሰው ምን ብሎ ንስሐ ይገባል?

እማሆይ፣ በትንሣኤ ቀን ሲነሡ ከደረትዎ ላይ ያን አቧራ ሲያራግፉ ይጥሩኝ። የማን እንደሆነ ከፊትዎ ቆሜ እናገራለሁ።