የአሰልጣኛችን አባት አዳማ የመጡ ዕለት

የልጅ ልጆቼ ግቢው ሲሚንቶ ላይ ኳስ ሲያነጥሩ ድምፁ ግድግዳውን አልፎ ደረቴ ውስጥ ይገባል። እናታቸው «አባባን አትረብሿቸው!» ትላለች። ተያቸው እላታለሁ። እኔን የሚረብሸኝ ዝምታ ነው፤ ያ ድምፅማ ከባቡር ጣቢያው ጀርባ ወደነበረው ሜዳ ይዞኝ ይሄዳል።

ጣሊያን ከመግባቱ በፊት ነው። አዳማ ያኔ ጣቢያው፣ ጥቂት ቆርቆሮ ቤቶችና ብዙ ነፋስ ነበረች። እኔ የቆዳ ነጋዴ ልጅ ነኝ፤ ጢሜ ማቀምቀም የጀመረበት ጊዜ። አሰልጣኛችን የወለንጪቲ ሰው ነበር። መንግሥት ባሕር ማዶ ልኮ ኮሌጅ አስተምሮታል፤ እዚያም ለኮሌጁ የቅርጫት ኳስ ተጫውቷል። ጉልበቱ ተጎድቶ መጫወት ሲያቅተው አንድ ኳስ ይዞ አገሩ ገባ። ቀን ጣቢያው ውስጥ የጉምሩክ ጸሐፊ ነው፤ ፀሐይዋ በረድ ስትል እኛን ይሰበስባል። ዕድሜው ከእኛ ብዙም ስለማይርቅ «አንቱ» ስንለው ይቆጣ ነበር።

ከበርሜል የወጣ የብረት ቀለበት ግራር ግንድ ላይ ቸነከረና «ቅርጫቱ ይሄ ነው» አለን። ቅርጫት የታለና! ሳቅን። እሱ እያነከሰ ራቅ ብሎ ቆመ፤ እጁን ብድግ አድርጎ ኳሷን ለቀቃት። ብረቱን ሳትነካ በመሃሉ አለፈች። ሳቃችን እዚያው ቀረ። እንደዚያ ያለ እጅ ከዚያ ወዲህ አላየሁም፣ እውነቴን ነው። ዓይኑን ጨፍኖ ኳሷ ስትነጥር በመስማት ብቻ ማናችን እንደያዝናት ያውቅ ነበር። ከጨዋታ በፊት ሜዳው ላይ ውሃ እንረጫለን፤ የረጠበው አቧራ ሽታ ከባቡሩ ጭስና ከአባቴ ቆዳ ጋር ተደባልቆ ዛሬም አፍንጫዬ ላይ አለ።

አንድ ነገር ግን ሊያስተወን አልቻለም። ሰው ከወደቀ፣ የኛም ይሁን የሌላ፣ «እኔን!» ብለን ጨዋታውን ጥለን ልናነሳው እንሮጣለን። «የወደቀው ራሱ ይነሳል! ኳሱን ያዙ፣ በናታችሁ!» እያለ ይጮሃል። እሺ እንላለን። ሰው ሲወድቅ ግን አፋችንም እግራችንም ይቀድመናል።

አባቱ በወለንጪቲ የተከበሩ ሽማግሌ ናቸው። የተማረ ልጃቸው ከጎረምሳ ጋር አቧራ ይቅማል ሲባል ሰምተው ተናደዱ። መጥቼ አያለሁ፣ የረባ ነገር ካላየሁ ወደ ቤቱ ተመልሶ መሬቱን ይይዛል ብለው ላኩበት። አሰልጣኛችን ሰብስቦ ነገረን። «የአባቴን ቃል አልጥስም። ካልወደዱት ነገ እዚህ የለሁም» አለ።

አባቱ የመጡት ከድሬዳዋ የባቡር ሠራተኞች ጋር በምንገጥምበት ዕለት ነው። ነጭ ጋቢያቸውን ተከናንበው፣ ከጣቢያው በወጣ ወንበር ላይ ተቀመጡ። እኩል ለእኩል ሆነን ጨዋታው ሊያልቅ ሲል፣ የኛው ተጫዋች፣ ከወሎ የመጡት ባለሱቅ ልጅ፣ ኳሷን ይዞ ቅርጫቱ ሥር ብቻውን ደረሰ። ከኋላው ሲያሳድደው የነበረው ድሬዳዋዬ ተደናቅፎ በግንባሩ ተደፋ።

«እኔን!»

የባለሱቁ ልጅ ኳሷን መሬት አስቀምጦ ዞረ። እኛም ተንጋጋን፤ እኔ ራሴ የሰውየውን ጉልበት አራገፍኩለት። ከድሬዳዋዎቹ አንዱ ኳሷን አንስቶ ወዲያኛው ጫፍ ወዳለው ቅርጫት ሮጠና አገባ። ፊሽካ ተነፋ። ተሸነፍን።

አሰልጣኛችን እጁን ጭንቅላቱ ላይ ጭኖ ቀረ። አባቱ ከወንበራቸው ተነሱና ወደ እሱ መጡ።

«ያ ኢልማ ኮ፣ ልጄ፣ ይሄን ያስተማርካቸው አንተ ነህ?»

አዎ በል፣ አዎ በል፣ አልኩ በሆዴ። ማን ያውቅበታል?

«አይደለሁም አባቴ» አለ። «ከየቤታቸው ይዘውት የመጡት ነው። እኔማ ተዉት እያልኩ ነበር የምጮኸው።»

ሽማግሌው የባለሱቁን ልጅ ትክ ብለው አዩት። ነፋሱ ጋቢያቸውን ያራግባል። ቀጥለው እጃቸውን የልጃቸው ትከሻ ላይ ጣሉ። «እንግዲያው እዚሁ ቆይ። አንተም ከነሱ የምትማረው አለህ» አሉት። አሰልጣኛችን ጎንበስ ብሎ ጉልበታቸውን ሳመ። እኛ ያሸነፍን ይመስል ተቃቀፍን፤ ድሬዳዋዎቹ ግራ ተጋቡ።

ከዚያ ወዲህ አልጮኸብንም። «ቅርብ ያለው ያንሳው፣ ሌሎቻችሁ ተጫወቱ» አለን፤ አበቃ። እንደዚያ ቀላል ነበር። ማሸነፍም ጀመርን።

ጦርነቱ ሲመጣ እያነከሰ ዘመተ። አልተመለሰም።

ነፃነት ከተመለሰ በኋላ የተረፍነው ተሰብስበን ሜዳውን ጠረግን። አንድ የገበያ ቀን አባቱ መጡ። አርጅተዋል፤ ዱላቸው ቀድሟቸው ይሄዳል። ሰላምታችንን ተቀበሉና «ተጫወቱ፣ እኔ ልይ» አሉን። ወንበር ላመጣላቸው ስል እጄን ያዙኝ።

«ልጄ ሲያስተምራችሁ የት ጋ ነበር የሚቆመው?»

አሳየኋቸው። ጨዋታው እስኪያልቅ እዚያው ቆሙ።