ከወለሉ ሥር የሚንኳኳው

በ2016 ዓ.ም. ዐቢይ ጾም ነበር፤ እኛ ባለንባት በአሜሪካዋ አሌክሳንድሪያ ብርዱ ገና አልለቀቀም። እኔና ልጄ ላንድማርክ አካባቢ ካለ ሕንፃ አምስተኛ ፎቅ ላይ ከገባን ሁለት ወር አይሆነንም። ሥራዬ ከሰዓት በኋላ ስለሆነ፣ በየማለዳው አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ተነሥቼ የንስሐ አባቴ ያዘዙኝን ስግደት ሳሎን ውስጥ እሰግዳለሁ።

ስግደቱን ከጀመርኩበት ቀን አንሥቶ ከወለሉ ሥር መንኳኳት ጀመረ። እኔ ስሰግድ ጠብቆ፣ ኳ ኳ ኳ። የሕንፃው ግማሽ አበሻ ነው። ከታችም አንዲት አበሻ እህት ትኖር ይሆናል፣ አብራኝ ትሰግዳለች አልኩ። የእሷ ስግደት ከታች ወደ ላይ እንዴት እንደሚሰማኝ ራሴን አልጠየቅሁም። ብቻዬን አለመሆኔ ደስ አለኝ። ኳኳታው ሲጠነክር፣ በረታች ብዬ እኔም ጨመርኩ።

አንድ እሑድ ከሰዓት ልጄ ለስፓኒሽ ትምህርቷ የአንድ የስፔን አስቂኝ ድራማ የመጀመሪያ ክፍል ማየት ነበረባት። በጾም እንዲህ ያለ ነገር አላይም፤ አጠገቧ የተቀመጥኩት ልብስ ላጣጥፍ ነው። ዓይኔ ግን ሄደ።

አዲስ ተጋቢዎች ዕቃቸውን ይዘው ወደ አንድ አሮጌ ሕንፃ ይገባሉ። ካርቶናቸውን ሳያወርዱ ጎረቤቱ ሁሉ ደረጃው ላይ ወጥቶ በመብራቱ፣ በውሃው፣ በበሩ ይጣላል። ገረመኝ። እኛ ጋ ሰው ሊፍት ውስጥ ቁጥሩን እያየ ነው የሚወርደው። እነዚህ ግን በስም እየተጠራሩ ይሰዳደባሉ፤ ማን መቼ እንደገባ፣ ማን ምን እንደሚያበስል ያውቃሉ።

ከዚያ አንዲት ሴትዮ የመጥረጊያ እንጨት አንሥታ የራሷን ኮርኒስ ትደበድብ ጀመር።

«ምን እያደረገች ነው?» አልኳት ልጄን።

«ከላይ ያሉት ረብሸዋት ነዋ። ዝም በሉ ማለቷ ነው።»

«በመጥረጊያ?»

«ታዲያ ኢሜይል ትላክላቸው?»

የያዝኩትን ፎጣ አስቀመጥኩ። ጠዋት ጠዋት ከታች የሚሰማው ይኸው ይሆን ወይ ብዬ ጠየቅኋት። ድራማውን አቁማ አየችኝ።

«እማዬ፣ የምታውቂ መስሎኝ ነበር። እናቴ ማንንም አትፈራም እያልኩ ሳደንቅሽ ነበር እኮ።»

አልሳቅሁም። ጸሎቴ የሰው እንቅልፍ ሲወስድ ከርሟል። ስግደቱን ልተወው አልችልም፤ ሰውም በእኔ ምክንያት ሳይተኛ ሊያድር አይገባም። እግሬ ረግጦት በማያውቅ አገር፣ በማልሰማው ቋንቋ የሚጣሉ ሰዎች ጥፋቴን አሳዩኝ። እግዚአብሔር አላይም ባልኩት ነገር ውስጥ ሊነግረኝ ፈቀደ። ያቺ የታችኛዋ ሰውም ገረመችኝ፤ ለሕንፃው ቢሮ ብትናገር ኖሮ ደብዳቤ በደረሰኝ ነበር።

በማግሥቱ ማለዳ አልሰገድኩም። ከታች የውሃ ድምፅ እስክሰማ ጠበቅሁ፤ ሦስት ሰዓት ሆነ። ወርጄ አንኳኳሁ። የከፈቱልኝ ከእናቴ ዕድሜ የማያንሱ፣ ስፓኒሽ ተናጋሪ ሴት ናቸው። ሁለታችንም በተሰባበረ እንግሊዝኛ ተነጋገርን። ማታ ማታ ቢሮ ያጸዳሉ፤ ቤታቸው የሚገቡት ከሌሊቱ አሥር ሰዓት ነው። ከላይ ያለሁት እኔ ነኝ፣ ይቅር ይበሉኝ አልኳቸው።

«መጀመሪያ ቀን የወደቅሽ መስሎኝ ደነገጥኩ» አሉኝ። «ደህና ነሽ ወይ ለማለት ነበር ያንኳኳሁት። በሦስተኛው ቀን ግን ተናደድኩ።»

ምን ስሠራ እንደነበር ጠየቁኝ። ቃሉን በእንግሊዝኛ አጣሁት። ነጠላዬን አስተካክዬ፣ ፊቴን ወደ ምሥራቅ አዙሬ፣ እዚያው ኮሪደሩ ምንጣፍ ላይ አንድ ጊዜ ሰገድኩ። ቀና ስል እያማተቡ ነበር።

እስከ ሦስት ሰዓት ብቻ አስተኚኝ አሉኝ። እሺ ብዬ እጃቸውን ሳምኩ፤ ወደ ቤቴ ወጥቼም የዕለቱን ስግደት ፈጸምኩ።